መስኮቱ ቅስት፣ ክብ ወይም ሦስት ማዕዘን ከሆነ፦ መጋረጃ እንዴት ይመረጣል?

በደብረ ብርሃን አዳዲስ ሰፈሮች ዞር ዞር ብትሉ አራት ማዕዘን ያልሆነ መስኮት በብዛት ታያላችሁ። የአንዱ ቪላ የሳሎን መስኮት ከላይ ቅስት ነው። የሌላው ቤት ደረጃ ላይ ክብ መስኮት አለ። ጣሪያው ሹል የሆነው ጂ ፕላስ ዋን ደግሞ ከጣሪያው ሥር ሦስት ማዕዘን መስታወት አስገብቷል። ቤቱ ከውጭ ሲታይ ያምራል። ጥያቄው የሚመጣው ዕቃ ገብቶ የጥቅምት ብርድ ሲጀምር ነው። ሱቅ ውስጥ የተሰቀለው መጋረጃ ሁሉ ቀጥ ላለ መስኮት የተሰፋ ነው።

እዚህ ላይ ሰው ሁለት ነገር ያደርጋል። ወይ መስኮቱን እንዲሁ ራቁቱን ይተወዋል፣ ወይ ደግሞ “ልክ እንደ ቅርጹ ተደርጎ ይሰፋልኝ” ብሎ ብዙ ብር ያወጣል። ሁለቱም የሚያዋጡበት ጊዜ አለ። ግን አንድ ነገር ቀድሞ ይታወቅ። መጋረጃ የመስኮቱን ቅርጽ የመከተል ግዴታ የለበትም። ለየት ያለ ቅርጽ ያለው መስኮት አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ቀጥ ያለ ዘንግ በደንብ ይሸፈናል። ቅርጹን ተከትሎ ማሰፋት የሚያስፈልገው ጥቂት ቦታ ላይ ነው። የትኛው የት እንደሚሠራ ቀጥለን እንየው።

መጀመሪያ፦ መስኮቱ ለምን እንደሚሸፈን ወስኑ

ጨርቅ ከማየታችሁ በፊት እያንዳንዱን መስኮት ለብቻው አስቡት። ከምንድን ነው የምትከላከሉት? ከብርድ ነው? ከፀሐይ ነው? ከጎረቤት ዓይን ነው? ወይስ ጠዋት መተኛት ስለምትፈልጉ ነው? መልሱ ከቤት ቤት ብቻ ሳይሆን ከከተማ ከተማም ይለያያል። ደብረ ብርሃን 2,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ነው። በኅዳርና በታኅሣሥ ሌሊቱ ውርጭ ነው፤ አንዳንድ ጠዋት ሣሩ ላይ አመዳይ ይታያል። እዚያ መጋረጃ ማለት ግማሽ ብርድ ልብስ ነው። ከጣርማበር ወርዳችሁ ሸዋ ሮቢት ስትደርሱ ግን ከፍታው ወደ 1,300 ሜትር ይወርዳል። እዚያ የሚፈለገው ጥላና ነፋስ ነው። የወባ ትንኝም ስላለ መስኮቱ ከመጋረጃው በፊት ወንፊት ያስፈልገዋል። የደብረ ብርሃኑን ወፍራም መጋረጃ ሸዋ ሮቢት ብትሰቅሉት ቤቱ ይታፈናል።

የፀሐዩንም አቅጣጫ እዩ። ሰሜን ሸዋ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 10 ዲግሪ አካባቢ ላይ ነው። ስለዚህ ከኅዳር እስከ ጥር ፀሐይ ወደ ደቡብ ታዘነብላለች። ወደ ደቡብ የሚያይ መስኮት በእነዚህ ወራት ሙሉ ቀን ፀሐይ ያገኛል። ብርድ የሚበረታውም ያኔ ነው። እንዲህ ያለውን መስኮት ቀን ላይ አትዝጉት፤ ነፃ ማሞቂያ ነው። የምሥራቅና የምዕራብ መስኮት ፀሐይን በአግድም ነው የሚቀበለው። ቀለም የሚያነጣውና ዓይን የሚወጋው ይሄ ነው። ደጋ ላይ ደግሞ የፀሐዩ ጨረር ከቆላው ይበልጥ ጠንካራ ስለሆነ ጨርቅ ቶሎ ይለቃል።

ይህን ካሰባችሁ በኋላ ለአንዳንዱ መስኮት ምንም እንደማያስፈልገው ታገኙታላችሁ። ከፍ ብሎ የተሠራ፣ ማንም የማያይበት፣ ማንም የማይተኛበት ክፍል ውስጥ ያለ መስኮት ለብርሃን ይተው።

ልኬት

ጨርቅ ሜትር ሳይሆን ብረት ሜትር ተጠቀሙ። ጨርቁ ይለጠጣል። ወርዱን ከላይ፣ ከመሀልና ከታች ሦስት ቦታ ለኩ። ቁመቱንም ከግራ፣ ከመሀልና ከቀኝ ለኩ። ቁጥሮቹ እኩል ካልሆኑ አትደንግጡ፤ በእጅ የተለሰነ ግድግዳ እንዲህ ነው። መጋረጃው በመስኮቱ ክፈፍ ውስጥ የሚገባ ከሆነ ትንሹን ቁጥር ያዙ። ከውጭ ግድግዳው ላይ የሚሰቀል ከሆነ ትልቁን።

ቅርጹን ተከትሎ የሚሰፋ ነገር ካለ ግን ቁጥር ብቻ አይበቃም። የወረቀት ቅድ አውጡ። የካርቶን ወረቀት ወይም ታጥቦ የደረቀ የሲሚንቶ ከረጢት ወረቀት በፕላስተር እያያያዛችሁ መስኮቱ ላይ ለጥፉ። ጠርዙን በእርሳስ ተከትላችሁ አስምሩና ቁረጡ። ከዚያ መልሳችሁ መስኮቱ ላይ ሞክሩት። “ላይ”፣ “ታች” እና “ወደ ቤት የሚያይ” ብላችሁ ጻፉበት። ግራና ቀኙ ትንሽ የሚለያይ ቅስት ተገልብጦ ከተሰፋ አይገጥምም። ለሰፊውም ለበያጁም የምትሰጡት ይህንኑ ወረቀት ነው። ስልክ ላይ ያለ ፎቶ አይተካውም።

መስኮቱ ወዴት እንደሚከፈትም ተመልከቱ። ወደ ውስጥ የሚከፈት ከሆነ ዘንጉ ከመስኮቱ መዝጊያ በላይ መሆን አለበት። መጋረጃው ሲሰበሰብም ሙሉ በሙሉ ወደ ግድግዳው መሸሽ አለበት። ይህ ካልታሰበ መስኮት በከፈታችሁ ቁጥር ጨርቅ ትቀድዳላችሁ።

ቅስት መስኮት

በብዛት የሚያስቸግረው ይሄ ስለሆነ ትንሽ ሰፋ አድርጌ ልጻፈው። ሦስት መንገድ አለ።

የመጀመሪያው ዘንጉን ከቅስቱ ጫፍ 10 ወይም 15 ሴንቲ ሜትር ከፍ አድርጎ ቀጥ ብሎ መስቀል ነው። በግራና በቀኝ ከ15 እስከ 20 ሴንቲ ሜትር ይለፍ። መጋረጃው ተራ አራት ማዕዘን ነው፤ ማንኛውም ሰፊ ይሰፋዋል። ቀን ሲሰበሰብ ቅስቱ ሙሉ በሙሉ ይታያል። ማታ ሲዘጋ መስታወቱ አንድም ቦታ አይጋለጥም። ለደብረ ብርሃን፣ ለመሀል ሜዳና ለአንኮበር ቤት ሳሎንና መኝታ ቤት እኔ የምመርጠው ይህን ነው። አንድ ነገር ብቻ አረጋግጡ። ሱቅ ላይ የሚገኘው የመጋረጃ ጨርቅ ብዙውን ጊዜ ቁመቱ 2.80 ሜትር ነው። ከቅስቱ በላይ ተሰቅሎ ወለል የሚደርስ መጋረጃ ደግሞ ከዚያ ሊበልጥ ይችላል። ስለዚህ ከወለል እስከ ዘንጉ ያለውን ለክታችሁ፣ የላይና የታች ቅምቅማቱን ጨምራችሁ ነው ጨርቅ መግዛት ያለባችሁ። ካነሰ ከታች ሌላ ቀለም ጨርቅ ወፈር አድርጎ መቀጠል ይቻላል። አስቦ ከተሠራ ያምራል።

ሁለተኛው ዘንጉን ቅስቱ ከሚጀምርበት መስመር ላይ መስቀል ነው። የታችኛው አራት ማዕዘን በመጋረጃ ይሸፈናል፤ ግማሽ ክቡ ባዶውን ይቀራል። ብርሃን ሁልጊዜ ይገባል፣ የሰው ዓይን አይገባም። ለሳሎንና ለምግብ ክፍል ጥሩ ነው። ለመኝታ ቤት አይሆንም። ገና 12 ሰዓት ከመሙላቱ ብርሃኑ ፊታችሁ ላይ ነው። ለብርዳማ ከተማም ቢሆን ያ ባዶ መስታወት ሙቀት ያወጣል። ይህን መንገድ ከወደዳችሁት ግማሽ ክቡን በስስ ጨርቅ ወይም በስቲከር መሸፈን ትችላላችሁ።

ሦስተኛው ቅስቱን ተከትሎ የታጠፈ ዘንግ ነው። የወረቀት ቅዱን ይዛችሁ በያጅ ዘንድ ሂዱ። ቀጭን ቱቦ ወይም 10 ሚሊ ሜትር ብረት በቅዱ ልክ ያጥፍላችሁ። ከመቀባቱ በፊት አንቲረስት ይቀባ፤ ብርዳማ ጠዋት መስታወት ላይ የሚወርደው ውሃ ዝገት ያመጣል፣ ዝገቱም ነጭ ጨርቅ ላይ ይቀራል። እዚህ ላይ ግልጽ መሆን ያለበት ነገር አለ። በታጠፈ ዘንግ ላይ መጋረጃ እየተሳበ አይከፈትም። ቀለበቶቹ ወደ ታች ይንሸራተታሉ እንጂ ወደ ላይ አይወጡም። ስለዚህ ጨርቁ ከላይ ቋሚ ሆኖ ይሰፋና ወገቡ ላይ በማሰሪያ ወደ ጎን ይታሰራል። ማታ ማሰሪያው ይፈታል። የሳሎኑ ትልቅ መስኮት የቤቱ ፊት ከሆነና ወጪው ካልከበዳችሁ በጣም ያምራል። ለአራት መኝታ ቤት ግን አላደርገውም።

ግማሽ ክቡን ብቻ እንደ ማራገቢያ ማልበስ ለምትፈልጉ ስሌቱ ይኸው። ወርዱ 120 ሴንቲ ሜትር የሆነ ሙሉ ግማሽ ክብ ራዲየሱ 60 ነው። የቅስቱ ዙሪያ 3.14 በ60 ሲባዛ 188 ሴንቲ ሜትር ገደማ ይሆናል። ሽንሽኑ እንዲሞላ የዚህን አንድ ተኩል እጥፍ፣ ማለትም 2.80 ሜትር የሚሆን ስስ ጨርቅ ያዙ። ቁመቱ 60 እና ለቅምቅማት ከ10 እስከ 12 ሴንቲ ሜትር። ጨርቁ ቅስቱ ላይ እየተሸነሸነ ይያዝና ታች መሀል ላይ አንድ ቦታ ይሰበሰባል። ወፍራም ጨርቅ እዚህ አይሞከርም። መሀሉ ላይ ተከምሮ ያብጣል።

ቅስቱ ሙሉ ግማሽ ክብ ካልሆነና ዝቅ ያለ ከሆነ ራዲየሱ እንዲህ ይገኛል። የወርዱን ግማሽ በራሱ አባዙት። ለቅስቱ ከፍታ አካፍሉት። ያንኑ ከፍታ ደምሩበት። ውጤቱን ለሁለት ክፈሉት። ወርዱ 120፣ ከፍታው 20 ቢሆን 60 በ60 ሲባዛ 3,600፤ ለ20 ሲካፈል 180፤ 20 ሲደመር 200፤ ግማሹ 100። በ100 ሴንቲ ሜትር ሲባጎ እርሳስ አስራችሁ ወረቀት ላይ ብታዞሩ ቅስቱ ይወጣል። መስኮቱ ላይ ገጥማችሁ አረጋግጡ። ግንበኛው በእጁ ያወጣው ቅስት ከሆነ ላይገጥም ይችላል። ያኔ ስሌቱን ትታችሁ ወረቀቱን ተከተሉ።

ክብ መስኮት

ክብ መስኮት አብዛኛውን ጊዜ ትንሽ ነው፣ ደረጃ ወይም መታጠቢያ ቤት ላይም ይሠራል። መጋረጃ አትስቀሉበት። ነጋዴዎች ፍሮስትድ የሚሉት ወተትማ ስቲከር ይበቃዋል። መስታወቱን በደንብ እጠቡ። ስቲከሩን በወረቀት ቅዱ ልክ ቁረጡ። መስታወቱ ላይ ትንሽ የሳሙና ውሃ ረጭታችሁ ለጥፉት። ከመሀል ወደ ዳር በፕላስቲክ ካርድ እየገፋችሁ ውሃውንና አየሩን አስወጡ። ቀን ላይ ከውጭ አይታይም። ማታ መብራት ሲበራ ግን ጥላ ስለሚያሳይ መታጠቢያ ቤት ከሆነ ወፈር ያለውን ምረጡ።

ክቡ መኝታ ቤት ውስጥ ከሆነና ብርድ ካስገባ ተነቃይ ክዳን ይሠራለት። ቀጭን ኮምፔርሳቶ ወይም ጠንካራ ፎም በቅዱ ልክ ይቆረጥ። በብርድ ልብስ ቁራጭ ይሸፈን። ጀርባው ላይ መያዣ ጨርቅ ይሰፋ። ማታ ትገጥሙታላችሁ፣ ጠዋት ታነሱታላችሁ። ደብረ ብርሃን የብርድ ልብስ ፋብሪካ ያለበት ከተማ ነው። መንዝ ደግሞ የበግ ፀጉር የሚፈተልበትና ባና የሚባል ወፍራም የሱፍ ብርድ ልብስ የሚሠራበት አገር ነው። አሮጌ ባና ቤት ውስጥ ካለ ለዚህ ሥራ የሚስተካከለው የለም።

ሦስት ማዕዘንና ዘመም ያለ መስኮት

ከጣሪያ ሥር ያለ ሦስት ማዕዘን መስታወት ብዙውን ጊዜ ከታቹ ሌላ አራት ማዕዘን መስኮት አለው። ዘንጉን በሁለቱ መካከል ባለው አግዳሚ ላይ ስቀሉ፣ ሦስት ማዕዘኑን ተዉት። እዚያ ከፍታ ላይ ማንም አያያችሁም።

መኝታ ቤት ከሆነ ወይም ወደ ምዕራብ የሚያይ ከሆነ ግን መሸፈን አለበት። ያኔ ቋሚ ጨርቅ ነው የሚሆነው። ቀለበት ዘመም ባለ ዘንግ ላይ አይቆምም፤ ተንሸራቶ ታች ይከመራል። ስለዚህ ቬልክሮ ይሻላል። ሻካራው ክፍል በቀጭን ጣውላ ላይ ይለጠፍና ጣውላው ግድግዳው ላይ ይታሰር። ለስላሳው ክፍል ጨርቁ ላይ ይሰፋ። ለማጠብ ሲፈለግ ተላጥቶ ይወርዳል።

አንድ ጎኑ ረጅም፣ ሌላው አጭር ለሆነ መስኮት፣ ለምሳሌ ደረጃውን ተከትሎ ለሚወርድ፣ አንድ ቁመት ብቻ ለክቶ ለሰፊ መስጠት አይቻልም። በየ20 ሴንቲ ሜትሩ ቁመቱን ለኩና ቁጥሮቹን በተራ ጻፉ። ጨርቁ ከላይ በዘመሙ ልክ ይቆረጣል። የታቹ ቀጥ ብሎ ይቀራል። ሲሰበሰብ ወደ ረጅሙ ጎን ይሰብሰብና ተንሸራቶ እንዳይወርድ በማሰሪያ ይታሰር። ወደ አጭሩ ከሳባችሁት ወለል ላይ ይጎተታል።

የማዕዘን መስኮት

ሁለት ግድግዳ የሚገናኝበት ጥግ ላይ የሚሠራ መስኮት አሁን አሁን በዝቷል። ሁለት ዘንግ ይሰቀላል። መጋረጃዎቹ ከጥጉ ወደ ውጭ ይከፈታሉ እንጂ ጥጉ ላይ አይከመሩም። እዚህ የሚበላሸው ልኬቱ ነው። ሁለቱም ዘንጎች እስከ ጥጉ ከተለኩ ይጋጫሉ። አንዱ ጥጉን ይንካ። ሌላው ደግሞ የመጀመሪያው ዘንግ ከግድግዳ ወጣ የሚልበትን ያህል ይጠር፤ ብዙውን ጊዜ ከ8 እስከ 10 ሴንቲ ሜትር ነው። ማገናኛ ክርን ያለው ዘንግ ካገኛችሁ ይህ ሁሉ ይቀራል። ወደ ውጭ የወጣ ባለ ሦስት ጎን መስኮትም እንዲሁ ነው፤ ሦስት ዘንግ ወይም ኮርኒስ ላይ የሚታሰር፣ የሚታጠፍ ትራክ።

ቀጭንና ረጅም መስኮት ላይ ሁለት መጋረጃ አይሰቀልም። አንድ ብቻ ይበቃል፣ ወደ አንድ ጎን የሚሰበሰብ። ዘንጉን 30 ሴንቲ ሜትር ያህል በአንድ በኩል ብታስረዝሙት መስኮቱ ሰፊ ይመስላል።

የድሮ የድንጋይ ቤት

በመንዝና በአንኮበር ገጠር ያሉ የድንጋይ ቤቶች ግድግዳቸው ወፍራም፣ መስኮታቸው ትንሽ ነው። መስኮቱ ወደ ውስጥ ገባ ያለ ስለሆነ ጨርቁን በክፈፉ ውስጥ መስቀል ይሻላል። ሁለት ጎን ላይ እንጨት ቸክላችሁ ዘንጉን በመሀል አሳርፉት። የመስኮቱ ደፍ ለዕቃ ማስቀመጫ ይተርፋል። እንዲህ ያለ ቤት ላይ ሰፊ ሽንሽን መጋረጃ ግድግዳው ላይ ዘርግታችሁ ያችን ትንሽ መስኮት አትቅበሯት።

ጨርቁ

የጨርቁ ወርድ የዘንጉን ሁለት እጥፍ ይሁን። ስስ ከሆነ ሁለት ተኩል። ከዚህ ካነሰ ሲዘጋ እንደ አንሶላ ይወጠራል። ለብርድ ቦታ ገበር አድርጉበት። አቡጀዲ ርካሽና ጥሩ ገበር ነው። ብርዱ ለሚጠናበት ቤት በጨርቁና በገበሩ መካከል ስስ ብርድ ልብስ ይገባል። ከብዶ ስለሚንጠለጠል ግን ዘንጉ ጠንካራ፣ መያዣውም ሦስት ይሁን። ጥጥና አቡጀዲ ሲታጠቡ ስለሚያጥሩ ከመሰፋታቸው በፊት ውሃ ይግቡ። ወደ ምሥራቅና ወደ ምዕራብ ለሚያይ መስኮት ደማቅ ቀይና ሰማያዊ አልመርጥም። ነጣ ያለ ቀለም ቢለቅም አያስታውቅም።

ብርድ ከመጋረጃ ጀርባ እንዴት እንደሚገባ ማወቅ ይጠቅማል። መስታወቱን የነካ አየር ይቀዘቅዝና ወደ ታች ይወርዳል። በመጋረጃው ሥር ወደ ክፍሉ ይወጣል። ከላይ ደግሞ ሞቃቱ አየር ይሳባል። ይህን ዑደት ለማቆም መጋረጃው ወለል ወይም ደፍ ይንካ፣ ጎኑ ወደ ግድግዳው ይታጠፍ፣ ከተቻለም ዘንጉ ላይ የእንጨት ሳጥን ይደረግ። ጠዋት መጋረጃውን ሰብስቡ። መስታወቱ ላይ ያደረው ውሃ ካልደረቀ ጨርቁ ይሻግታል።

አደራ የምለው ነገር አለ። መስኮት ሁሉ በደንብ ተሸፍኖ ተዘግቶ ሳለ ቤት ውስጥ የከሰል ምድጃ አታሳድሩ። የከሰል ጋዝ ሽታ ሳይኖረው ይገድላል። ቡና ስታፈሉም ምድጃውን ከመጋረጃው ራቅ አድርጉ፤ ፖሊስተር ጨርቅ ፍም ሲነካው ይቀልጣል፣ ይቀጣጠላልም። ሕፃን ያለበት ቤት ደግሞ የመጋረጃ ገመድ ተንጠልጥሎ አይተው። ከፍ ተደርጎ ግድግዳው ላይ ይጠቅለል።

አሰቃቀል

ግድግዳው ብሎኬት ከሆነ ውስጡ ክፍት ነው። አጭር ፊሸር፣ ማለትም ቀዳዳው ውስጥ የሚገባው የብሎን ማቀፊያ ፕላስቲክ፣ ይዞራል እንጂ አይዝም። ከመስኮቱ በላይ ያለው የኮንክሪት አግዳሚ ላይ መብሳት ይሻላል። ተራ መሰርሰሪያ እሱን አይበሳም፤ መዶሻ ያለውን ተከራዩ። የጭቃ ቤት ከሆነ በጣታችሁ እየቆረቆራችሁ ቋሚውን ፈልጉ፣ ከአንዱ ቋሚ ወደ ሌላው የሚደርስ ጣውላ ምቱ፣ ዘንጉን ጣውላው ላይ እሰሩ። ድንጋይ ቤትም ላይ ጣውላው ይጠቅማል።

ከመብሳታችሁ በፊት ዘንጉን ሰው ይያዝላችሁና ራቅ ብላችሁ እዩት። ኮርኒሱ ዘመም ያለ ከሆነ ከውሃ ልኩ ይልቅ ዓይናችሁን እመኑ። ትንሽ ለኮርኒሱ ማድላት ይሻላል።

የታች ቅምቅማቱን በመጨረሻ አድርጉት። መጋረጃው በመርፌ ብቻ ተይዞ ለጥቂት ቀን ይንጠልጠል። ከባድ ጨርቅ በራሱ ክብደት ይረዝማል። ከዚያ ከወለሉ አንድ ሴንቲ ሜትር ከፍ ይል ወይም ይንካ እንደሆነ እዚያው ቆማችሁ ምልክት አድርጉና ለሰፊው ውሰዱት። እንቁጣጣሽና ፋሲካ ሲቃረብ ሰፊዎች ሥራ ስለሚበዛባቸው ቀደም ብላችሁ ስጡ።